ክር የሚበጥስ የስፌት መኪና፦ ፍተሻውን ከተበጠሰው ጫፍ ይጀምሩ

ክር ሲበጠስ የብዙ ሰው እጅ መጀመሪያ የሚሄደው ወደ ክር መወጠሪያው ቁልፍ ነው። ትንሽ ያላላዋል፣ ይሰፋል፤ እንደገና ሲበጠስ ያጠብቀዋል። ከግማሽ ሰዓት በኋላ ቁልፉ መጀመሪያ የት እንደነበረ እንኳ አይታወቅም፤ የቀድሞው ችግር ሳይፈታ ሌላ ይደረብበታል። መወጠሪያው ጥፋተኛ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ይሁን እንጂ ትናንት አሳምሮ ሲሰፋ የዋለ መኪና ዛሬ ክር መበጠስ ከጀመረ፣ ቁልፉን የነካው ሰው እስከሌለ ድረስ፣ ምክንያቱ አብዛኛውን ጊዜ ሌላ ቦታ ነው፦ በክሩ አስተላለፍ፣ በመርፌው፣ በራሱ በክሩ፣ ወይም ክሩ በሚያልፍበት መንገድ ላይ ባለች አንዲት ጭረት።

ስለዚህ እዚህ መወጠሪያውን ሆን ብዬ ወደ ኋላ አስቀርቼዋለሁ። ደረጃዎቹን በተራ ይከተሉ፤ በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ ለውጠው ይሞክሩ። መርፌውንም፣ ክሩንም፣ መወጠሪያውንም በአንድ ላይ ከቀየሩ መኪናው ቢስተካከል እንኳ የትኛው እንዳስተካከለው አያውቁም፤ በሚቀጥለው ጊዜም ከዜሮ ይጀምራሉ።

የሚያስፈልግዎት ጥቂት ነው፦ አዲስ መርፌ፣ ትንሽ ብሩሽ፣ ወረንጦ፣ ካቻቪቴ፣ እና ሁለት እጥፍ የሆነ ቁራጭ ጨርቅ። ከተቻለ ከላይ አንድ ቀለም፣ ከታች ሌላ ቀለም ክር ያድርጉ። የትኛው ክር እንደተበጠሰና የትኛው እንደተወጠረ በዓይን ለመለየት ከዚህ የሚበልጥ ዘዴ የለም። ጣትዎን ወደ መርፌው ወይም ከሥሩ ወዳለው ክፍል ባስገቡ ቁጥር መኪናውን ያጥፉና ሶኬቱን ይንቀሉ።

1. የተበጠሰውን ጫፍ ይመርምሩ

ክሩ ሲበጠስ አይጣሉት። በመርፌው በኩል የቀረውን ጫፍ ይያዙና ብርሃን ወዳለበት ያምጡት፤ ክሩ ጥቁር ከሆነ ነጭ ወረቀት፣ ነጭ ከሆነ ጥቁር ጨርቅ ከሥሩ ያድርጉ። ጫፉ ብዙ ይናገራል።

ጫፉ ተበትኖ፣ ከጫፉ በላይ ያለው ጥቂት ሴንቲሜትርም ጠጉር አውጥቶ ከሆነ ክሩ ያለቀው ቀስ በቀስ በመፋተግ ነው። የመርፌው ዓይን ጠብቦታል ወይም ተጭሯል፤ አለበለዚያ ክሩ ራሱ አርጅቷል። ወደ ደረጃ 3 እና 4 የሚመራ ምልክት ነው፤ ቢሆንም ደረጃ 2ን አይዝለሉት።

ጫፉ በምላጭ የተቆረጠ ያህል ንጹሕ ከሆነ አንድ ስለታም ጠርዝ አግኝቶታል። መርፌው የሚገባበትን ቀዳዳ፣ መንጠቆውን (ከጨርቁ በታች ክሩን የሚይዘውን ክፍል) ወይም የቦቢኑን ቤት (የታችኛው ክር ማጠንጠኛ የሚቀመጥበትን) ይጠርጥሩ።

ክሩ ተለጥጦ ቀጥኖ፣ ጫፉም ተጠቅልሎ ከሆነ የበጠሰው ጉልበት ነው። አንድ ቦታ ላይ ተይዞ ከሌላው ወገን ተስቧል። ይህ ሁልጊዜ መወጠሪያው ጠብቋል ማለት አይደለም፤ ክሩ ከጥቅሉ ሥር ተጠምጥሞ ወይም ባልተገባ ቦታ ተሰክቶ ሊሆን ይችላል።

የተበጠሰበት ጊዜም ፍንጭ ይሰጣል። ስፌት ሲጀመር ብቻ የሚበጠስ ከሆነ ነገሩ ከአጀማመርዎ ጋር የተያያዘ ነው። ወፍራም ስፌት ላይ ሲደርስ ብቻ ከሆነ መርፌውን ያስቡ። ቀጥታ ሲሰፋ ሰላም ሆኖ ዚግዛግ ላይ ብቻ የሚበጥስ ከሆነ መርፌው ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ሲሄድ የሚነካው ነገር አለ፤ የገጠሙት የመጫኛ እግር ለዚግዛግ የተሠራ መሆኑን ያረጋግጡ። በየተወሰነ ርቀት የሚደጋገም ከሆነ ደግሞ መጀመሪያ ጥቅሉን ይመልከቱ፤ ጥቅሉ በዞረ ቁጥር ክሩን የሚይዝ ነገር ይኖራል።

2. ክሩን ሙሉ በሙሉ አውጥተው እንደገና ያስተላልፉ

«በትክክል ነው ያስተላለፍኩት» ብለው እርግጠኛ ቢሆኑም ያውጡት። ይህ ደረጃ ምንም ወጪ የለውም፤ ችግሩን የሚፈታበት ጊዜም ከየትኛውም ደረጃ ይበዛል። ሲያወጡ ክሩን ከጥቅሉ አጠገብ ይቁረጡና በመርፌው በኩል ወደ ፊት ይሳቡት። ወደ ኋላ ወደ ጥቅሉ መሳብ ብናኙን ወደ መወጠሪያው ውስጥ ያስገባዋል።

አሁን የመጫኛ እግሩን ከፍ ያድርጉ። ይህን ማድረግ ብዙ ሰው ይረሳል፤ ለምን እንደሚያስፈልግ ማወቅ ግን እንዳይረሳ ያደርጋል። በመወጠሪያው ውስጥ ሁለት ስስ የብረት ዲስኮች አሉ፤ ክሩ የሚወጠረው በመካከላቸው ሲያልፍ ነው። እግሩ ከፍ ሲል ዲስኮቹ ይከፈታሉ፣ ዝቅ ሲል ይዘጋሉ። እግሩ ዝቅ እንዳለ ክር ካስተላለፉ ክሩ በተዘጉት ዲስኮች ጠርዝ ላይ ይቀመጣል እንጂ ወደ መካከል አይገባም። ከዚያ የላይኛው ክር ያለ ምንም ውጥረት ይለቀቃል፣ ከጨርቁ ሥር ተጠላልፎ ይከማቻል፣ መንጠቆው ላይ ይጠመጠምና ይበጠሳል። ክምችቱ የሚታየው ከጨርቁ በታች ስለሆነ ሰው ቦቢኑን ይወቅሳል፤ ጥፋቱ ግን የላይኛው ክር ነው።

የእጅ መሽከርከሪያውን ወደ ራስዎ እያዞሩ ክር ሳቢውን ክንድ (ከመርፌው በላይ ክሩን ይዞ ከፍ ዝቅ የሚለውን) ወደ ላይኛው ጫፍ ያድርሱት። ሁልጊዜ ወደ ራስዎ ያዙሩ፤ ወደ ኋላ ማዞር ክሩን መንጠቆው ላይ ሊያጠላልፈው ይችላል። ክሩን በየማለፊያው ሲያስገቡ በአንድ እጅዎ ከጥቅሉ በኩል ያዝ አድርገው ሳብ ያድርጉት፤ እንዲህ ሲሆን ወደ ዲስኮቹ መካከል ጠልቆ ይገባል። በክር ሳቢው ክንድ ቀዳዳ ማለፉንና ከመርፌው በላይ ባለችው ትንሽ ማለፊያ መግባቱን በዓይንዎ አይተው ያረጋግጡ። ይህች የመጨረሻዋ ማለፊያ ትንሽ ስለሆነች በቀላሉ ትዘለላለች።

ከዚያ ፈትኑት። እግሩ ከፍ እንዳለ ክሩን ከመርፌው አጠገብ ይሳቡ፤ ያለ ችግር መምጣት አለበት። እግሩን ዝቅ አድርገው እንደገና ይሳቡ፤ አሁን መቃወም አለበት፣ መርፌውም ትንሽ ጎንበስ ሊል ይችላል። በሁለቱ መካከል ልዩነት ከሌለና ክሩ በሁለቱም ጊዜ ልል ከሆነ ዲስኮቹ ውስጥ አልገባም። እግሩ ከፍ ብሎም ከተቃወመ ክሩ በመንገድ ላይ አንድ ቦታ ተይዟል፣ ወይም በዲስኮቹ መካከል ቁራጭ ክር ተወሽቋል።

3. መርፌውን ይቀይሩ

መርፌ ደህና መስሎ ስለታየ ደህና ነው ማለት አይደለም። የአንድ መርፌ ዕድሜ በተለምዶ ከ6 እስከ 8 ሰዓት ስፌት ያህል ነው፤ ጠንካራ ጨርቅ ሲሰፋበት ደግሞ ያጥራል። ብዙ ቤት ውስጥ መርፌ የሚቀየረው ሲሰበር ብቻ ነው። ከክር መበጠስ ትልልቅ ምክንያቶች አንዱ ይህ ልማድ ነው ብዬ አምናለሁ።

መርፌው ለክሩ ይህን ያህል ወሳኝ የሆነው በሚሠራው ሥራ ምክንያት ነው። መርፌው ክሩን ይዞ ከጨርቁ በታች ይወርዳል፤ ትንሽ ከፍ ሲል ክሩ ከጀርባው ቀለበት ይሠራል፤ መንጠቆው ያንን ቀለበት ይዞ በቦቢኑ ዙሪያ ያዞረዋል፤ ከዚያ ክር ሳቢው ክንድ ትርፉን ወደ ላይ መልሶ ይስበዋል። በቦቢኑ ዙሪያ የሚዞረው ክር ብዙ ነው፤ በአንዱ ስፌት ውስጥ የሚቀረው ግን ጥቂት ሚሊሜትር ነው። የቀረው ሁሉ በመርፌው ዓይን በኩል ይመለሳል። በዚህ ምክንያት አንዲት የክር ነጥብ ጨርቁ ላይ ከመቀመጧ በፊት በዓይኑ ውስጥ በአሥሮች ለሚቆጠር ጊዜ ትመላለሳለች። በዓይኑ ጠርዝ ላይ ያለች ለዓይን የማትታይ ጭረት በዚህ ምልልስ መጋዝ ትሆናለች።

አዲሱን መርፌ ሲመርጡ በላዩ ወይም በማሸጊያው ላይ የተጻፈውን ቁጥር ያንብቡ። ቁጥሩ ብዙ ጊዜ እንደ 80/12 በጥንድ ይጻፋል። የመጀመሪያው የመርፌው ውፍረት በሚሊሜትር መቶኛ ነው፤ 80 ማለት 0.8 ሚሊሜትር ማለት ነው። ሁለተኛው ለዚያው ውፍረት የሚያገለግል ሌላ መለኪያ ነው።

- ለስስ ጨርቅና ለቀጭን ክር፦ 60/8 ወይም 70/10
- ለመካከለኛ ጥጥና ለተለመደው የስፌት ክር፦ 80/12 ወይም 90/14
- ለጂንስ፣ ለሸራና ለወፍራም ክር፦ 100/16 ወይም 110/18

ለሚለጠጥና ለሹራብ ጨርቅ ጫፉ ዶልዶም ክብ የሆነ መርፌ፣ ለቆዳ የቆዳ መርፌ ይጠቀሙ። ለሚያብረቀርቅ ባለ ብረት ክርና ለጥልፍ ክር ዓይናቸው ሰፋ ያለ መርፌዎች አሉ። ብርቅርቅ ክር በተራ መርፌ እየሰፉ መወጠሪያውን ማስተካከል ከንቱ ድካም ነው።

ዓይኑ ለክሩ መብቃቱን በእጅ መፈተን ይቻላል። መርፌውን ከመኪናው አውጥተው 30 ሴንቲሜትር የሚያህል ክር በዓይኑ ያሳልፉ። የክሩን ሁለት ጫፎች በሁለት እጅ ይዘው አንዱን ወገን ከፍ በማድረግ ወጠር ያድርጉት። መርፌው በራሱ ክብደት በክሩ ላይ ተንሸራቶ መውረድ አለበት። ከላይ ተጣብቆ ከቀረ ዓይኑ ለዚያ ክር ጠባብ ነው፤ አንድ ቁጥር ከፍ ያለ መርፌ ይውሰዱ።

ሲገጥሙት ጠፍጣፋውን ጎን ይመልከቱ። በአብዛኞቹ የቤት መኪናዎች ጠፍጣፋው ወደ ኋላ ይሆናል፤ በአንዳንድ አሮጌ መኪናዎች ግን ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ይዞራል። ግራ ሲገባዎት የመርፌውን ርዝመት ተከትሎ የሚወርደውን ረጅም ቦይ ይፈልጉ፤ ክሩ የሚገባው ሁልጊዜ ቦዩ ካለበት ወገን ነው። መርፌው ሲወርድ ክሩ ተሸሽጎ የሚወርደው በዚያ ቦይ ውስጥ ነውና፣ ከተቃራኒው ወገን ካስገቡት ከጨርቁ ጋር እየተፋተገ ያልቃል። መርፌውን እስከ መጨረሻው ወደ ላይ ገፍተው ብሎኑን ያጥብቁ። አንድ ሚሊሜትር እንኳ ዝቅ ብሎ የተገጠመ መርፌ ከመንጠቆው ጋር በሰዓቱ አይገናኝም።

4. ክሩንና ጥቅሉን ይመርምሩ

ግማሽ ሜትር ያህል ክር አውጥተው በሁለት እጅ በፍጥነት ይሳቡ። ጥሩ ክር ይቃወማል፣ ጣትን ያማል። በትንሽ ጉልበት የሚበጠስ ከሆነ የቀረውን ደረጃ መቀጠል አያስፈልግም፤ ለእጅ ሥራ ወይም ኋላ ለሚፈታ ጊዜያዊ ስፌት ያውሉት። ክር ለዓመታት በመስኮት አጠገብ ከቆየ ፀሐይ ታደክመዋለች። የጥጥም ሆነ የፖሊስተር ክር ከዚህ አያመልጥም። ብዙ ጊዜ የሚደክመው ከላይ ያለው ድርብ ብቻ ስለሆነ፣ ጥቂት ሜትር አውጥተው ከጣሉ በኋላ ከውስጥ ያለውን ደግመው ይፈትኑ።

ሌላው የሚዘነጋ ነገር የጥቅሉ ጠርዝ ነው። ብዙ የፕላስቲክ ጥቅሎች ጫፋቸው ላይ የክሩን ጭራ ለመያዝ የተሠራች ትንሽ ስንጥቅ አለቻቸው። ስንጥቋ ክሩ በሚወጣበት በኩል ከሆነች በየዙሩ ክሩን ትይዘዋለች። ጥቅሉን ገልብጠው ያስገቡት። በተጋደመ ዘንግ ላይ ከሆነ የሚይዘው ቆብ ከጥቅሉ ጠርዝ ትንሽ የሚበልጥ ይሁን፤ ካነሰ ክሩ ጠርዙ ላይ ይሰካል። በቆመ ዘንግ ላይ ከሆነ ልስልስ ክር እየተንሸራተተ ወርዶ በዘንጉ ሥር ይጠመጠማል፤ ከጥቅሉ ሥር ክብ ቁራጭ ጨርቅ ማድረግ ይህን ያስቀራል።

ወደ መኪናው ሊገባ የማይችል ትልቅ ጥቅል ካለዎት ከመኪናው ጀርባ በስኒ ውስጥ ያቁሙትና ክሩ ወደ ላይ ቀጥ ብሎ እንዲወጣ ያድርጉ።

5. ቦቢኑን ያውጡ

የታችኛው ክር ከላይኛው ያነሰ ይበጠሳል፤ ሲበጠስ ግን ጥፋቱ ብዙ ጊዜ አጠቃለሉ ላይ ነው። ቦቢኑን አውጥተው ከጎን ይዩት። ክሩ ከጫፍ ጫፍ እኩል መቀመጥ አለበት። በአንድ ወገን አብጦ በሌላው ጎድሎ ከሆነ፣ ወይም በጣት ሲጫኑት የሚላላ ከሆነ ፈትተው እንደገና ያጠቅልሉት፤ ሲጠቀለል ክሩ በመጠቅለያው ትንሽ መወጠሪያ ማለፉን አይርሱ። እስከ አፉ አይሙሉት። በሌላ ቀለም ክር ላይ አዲስ ክር አይደርቡ። መጀመሪያ ሲጠቀለል በቀዳዳው በኩል የወጣችውን የክር ጭራም ከሥሯ ይቁረጧት፤ ተንጠልጥላ ከቀረች በቦቢኑ ቤት ውስጥ ትጠመጠማለች።

ቦቢን ሁሉ አንድ አይደለም። ለዓይን ተመሳሳይ የሚመስሉ ሁለት ቦቢኖች በቁመት ወይም በጠርዝ ቅርጽ ጥቂት ይለያያሉ፤ ያቺ ልዩነት ቦቢኑ በቤቱ ውስጥ እንዲናወጥ ወይም እንዲጣበቅ ትበቃለች። ከመኪናው ጋር ከመጣው ቦቢን ጋር ጎን ለጎን አቁመው ያስተያዩት። ጠርዙ የተሸረፈ ቦቢንም ይጣል። ሲያስገቡት በቤቱ ላይ ወይም በመኪናው መመሪያ ላይ ወዳለው የቀስት አቅጣጫ መዞሩን፣ ክሩም በስስዋ የብረት ምላስ ሥር መግባቱን ያረጋግጡ።

6. ብናኙን ያጽዱ

የመርፌውን ሰሌዳ (መርፌው የሚገባበት ቀዳዳ ያለበትን ብረት) የያዙትን ብሎኖች ፈትተው ሰሌዳውን ያንሱ። ጨርቁን በሚገፉት ጥርሶች መካከል የተጠቀጠቀውን ብናኝ በወረንጦ፣ ቀሪውን በብሩሽ ያውጡ። በአፍ ወይም በአየር ግፊት አይንፉበት፤ ብናኙ ወደ ውስጥ ይገባል፣ እስትንፋስም እርጥበት ያመጣል። የቦቢኑን ቤት አውጥተው ከብረት ምላሷ ሥር የወረቀት ጠርዝ ያሳልፉ፤ እዚያ የተወሸቀች አንዲት ትንሽ ብናኝ የታችኛውን ክር ውጥረት ሙሉ በሙሉ ትቀይራለች።

በመወጠሪያው ዲስኮች መካከልም፣ እግሩ ከፍ እንዳለ፣ ለስላሳ ጨርቅ አጥፈው ያሳልፉ። የመኪናው መመሪያ ዘይት ይደረግ የሚል ከሆነ በመንጠቆው መሄጃ ላይ አንድ ጠብታ የስፌት መኪና ዘይት ይበቃል። የምግብ ዘይት ውሎ አድሮ ሙጫ ስለሚሆን በፍጹም አይጠቀሙ።

7. አሁን መወጠሪያውን ይንኩ

እስከዚህ ደርሰው አሁንም የሚበጠስ ከሆነ ቁልፉ ያለበትን ቁጥር ይጻፉ። በብዙ የቤት መኪናዎች ቁጥሩ ከ0 እስከ 9 ሲሆን ለተለመደ ጨርቅ 4 አካባቢ ይሠራል። ቁራጩ ጨርቅ ላይ ሰፍተው ሁለቱን ወገኖች ይዩ። የታችኛው ቀለም ከላይ ብቅ ካለ የላይኛው ክር በዝቶ ተወጥሯል፤ በግማሽ ቁጥር እየቀነሱ ይሞክሩ። የላይኛው ቀለም ከታች ከታየ የላይኛው ልል ነው። ሁለቱ ክሮች በጨርቁ ውፍረት መካከል ሲቆላለፉ ልኩ ላይ ነው።

ቁልፉን ወደ 1 ወይም 2 አውርደውም ክሩ የሚጠብቅ ከሆነ መቀነስዎን ይተዉና ወደ ደረጃ 2 ይመለሱ፤ ክሩ ተይዟል።

በቦቢኑ ቤት ላይ ያለችውን ትንሽ ብሎን የመጨረሻ አማራጭ ያድርጓት። ከመንካትዎ በፊት ፎቶ ያንሷት፤ ሲያዞሯትም ከሩብ ዙር በታች ይሁን። ቤቱ ከመኪናው የሚወጣ ዓይነት ከሆነ ቦቢኑን ከውስጡ እንዳለ በክሩ ጫፍ አንጠልጥለው እጅዎን በቀስታ ነቅነቅ ያድርጉ። ጥቂት ሴንቲሜትር ወርዶ ቢቆም ጥሩ ነው። ፍንክች ካላለ ጠብቋል፣ እስከ ታች ከተዘረገፈ ላልቷል።

8. ጭረት ፍለጋ

ጫፉ ንጹሕ ሆኖ የሚበጠስ ክር ካለዎት ይህን ደረጃ በጥንቃቄ ይሥሩት። መርፌ ተሰብሮ ወይም ብረት መትቶ የሚያውቅ መኪና ላይ ጭረቱ ብዙ ጊዜ በሰሌዳው ቀዳዳ ጠርዝ ላይ ይገኛል። ዓይን ላያየው ይችላል። አሮጌ የናይለን ስቶኪንግ ወይም ጥጥ በቀዳዳው ጠርዝ፣ በመጫኛው እግር ሥር፣ በቦቢኑ ቤት ጠርዝና በመንጠቆው ጫፍ ላይ በቀስታ ይጎትቱ። የሚይዝበት ቦታ ሁሉ ክሩንም ይይዘዋል።

ሰሌዳው ላይ ያለችን ትንሽ ጭረት እጅግ ደቃቅ በሆነ የብርጭቆ ወረቀት ማለስለስ ይቻላል፦ ወረቀቱን ቀጭን አድርገው ጠቅልለው በቀዳዳው ውስጥ ጥቂት ጊዜ ያመላልሱት፣ በስቶኪንጉ ይፈትሹ፣ የብረቱን ብናኝ ይጥረጉ። ጭረቱ ጥልቅ ከሆነ ሰሌዳውን መለወጥ ይሻላል። የመንጠቆውን ጫፍ ግን ራስዎ አይሞርዱት፤ ጫፉ ትንሽ ካጠረ ክሩን መያዝ ያቆማል።

9. አሰፋፍዎን ይመልከቱ

ስፌት ሲጀምሩ ሁለቱንም ክሮች 10 ሴንቲሜትር ያህል አውጥተው ከእግሩ ኋላ ይያዙ፤ ክር ሳቢው ክንድም ከላይ ይሁን። ጨርቁን ከኋላ አይጎትቱ፤ የሚጎትቱት ጨርቅ መርፌውን ያጎብጠዋል፣ የጎበጠው መርፌም ሰሌዳውን ይመታል። ወፍራም መጋጠሚያ ላይ ሲደርሱ ፔዳሉን ትተው በእጅ መሽከርከሪያው ይሻገሩ። እግሩ ወደ ኋላ ካዘነበለ ደግሞ ከኋላው ሥር የታጠፈ ጨርቅ ከተው ደልዳላ ያድርጉት። በካውያ የሚለጠፍ ገበር የሰፉ እንደሆነ ሙጫው መርፌው ላይ ይጋገራል፤ በአልኮል በረጠበ ጨርቅ ይጥረጉት።

10. ለባለሙያ የሚተው

ይህ ሁሉ ተደርጎ ክሩ መበጠሱንና ስፌት መዝለሉን ከቀጠለ መንጠቆውና መርፌው የሚገናኙበት ጊዜ ተዛብቶ ሊሆን ይችላል። መርፌው ከታችኛው ነጥብ መነሳት ሲጀምር የመንጠቆው ጫፍ ከዓይኑ ትንሽ ከፍ ብሎ በመርፌው ጀርባ ባለው ስርጉድ ማለፍ አለበት፤ መርፌው ከባድ ነገር ከመታ ይህ ቅንብር ሊንሸራተት ይችላል። ሰሌዳውን አንስተው የእጅ መሽከርከሪያውን በቀስታ እያዞሩ ግንኙነቱን ማየት ይቻላል፤ ማስተካከሉ ግን የጥገና ባለሙያ ሥራ ነው።

ወደ ባለሙያው ሲሄዱ መኪናውን ብቻ አይውሰዱ። ክሩ የተበጠሰበትን ቁራጭ ጨርቅ ክሩን ሳይቆርጡ፣ የተጠቀሙበትን ጥቅል፣ ቦቢኑንና ያወጡትን አሮጌ መርፌ አብረው ይያዙ። የቀየሩትን ሁሉ በቅደም ተከተል ጽፈው፣ መወጠሪያው መጀመሪያ የነበረበትን ቁጥርም ጨምረው ይስጡት።